ተቀባይ ያጣ ጁሬ

«ለምን አልተቀበልሽኝም?»

«ዝም በይ አለኛ።»

«ማን ነው ዝም በይ ያለሽ?»

«ድምፅ መቅጃ ሳጥኑን ተሸክሞ የመጣው ሰውዬ ነዋ። ማሽኑ የእሱን ድምፅ ብቻ ነው የሚፈልገው፣ አንቺ ጓዳ ግቢ አለኝ።»

«እና ደጅ ላይ አቁመሽኝ ቀረሽ።»

ከዚህ በኋላ ያለውን በደንብ አላስታውሰውም። ስለ አንዲት እግሯ ስላበጠ ላም ያወሩ ይመስለኛል፤ ምናልባት ያ ሌላ ቀን ይሆናል። ሰባት ዓመት ቢሆነኝ ነው። ቤቱን ከመሬት ከፍ አድርገው በያዙት ግንዶች መሀል፣ ከበረንዳው ሥር ተጋድሜ ነበር። ከራሴ በላይ ሁለት ወንበሮች ይንቋቋሉ፤ አንዱ የኖንክ ኦዜሜ፣ ሌላው የእህታቸው የታንት ኡራሊ። ኖንክ አጎት፣ ታንት አክስት ማለት ነው፤ እኛ ዘንድ ዘመድ ሆነም አልሆነ ትልቅ ሰው እንዲህ ነው የሚጠራው። ኖንክ ኦዜሜ «ደጅ ላይ አቁመሽኝ ቀረሽ» ሲሉ ይሳቁ ይዘኑ አላውቅም። ያኔ የሚስቅ ሰው ድምፅ መስሎኝ ነበር። ወሩ የጾም ወር ነበር። ፋሲካ ሳይደርስ ሞቱ።

በእኛ በሉዊዚያና ሜዳ፣ አንስ ኖዋር በምትባለው መንደራችን፣ ጾም ሲገባ አኮርዲዮን ይታሰራል። ጾሙ በሚጀምርበት በአመድ ረቡዕ ካህኑ ግንባራችን ላይ አመድ ቀብቶ ሲያሰናብተን፣ ወንዶቹ ቤታቸው ገብተው አኮርዲዮናቸውን በጨርቅ ይጠቀልሉና ቁምሳጥን ላይ ያስቀምጡታል፤ ቫዮሊኑም አልጋ ሥር ይገባል። እስከ ፋሲካ ማንም አይነካቸውም። ሰው ግን ያን ሁሉ ቀን አፉን ዘግቶ መቀመጥ አይሆንለትም። ስለዚህ አያቶቻችን ጁሬን ያዙ። ጁሬ መሣሪያ የለውም። አፍ፣ እጅና እግር ነው፤ የጣውላው ወለል ከበሮ ይሆናል። ዘፈን ነው እንዳይባል የእግዚአብሔር ስም ይጠራበታል፤ መዝሙር ነው እንዳይባል ጎረቤት ይታማበታል። አውጪው ከክቡ ውጭ ይቆምና ያወጣል፤ ክብ ሠርተው የቆሙት እያጨበጨቡና ወለሉን እየረገጡ ይቀበሉታል። በመጨረሻው ቅብብል ክቡ ይከፈታል፣ አውጪው ይገባል። ተቀባይ ካጣ ውጭ ቀረ። ደጅ ላይ ቀረ የሚባለው ይኼ ነው፣ ትልቅ ውርደትም ነበር።

የኖንክ ኦዜሜ ጁሬ እንዲህ ነበር።

«ከደጅ የቆመው ማነው?» ብለው ያወጣሉ።

«የቤቱ ልጅ ነው፣ አስገቡት፣ አስገቡት» ብሎ ክቡ ይቀበላል።

«ዝናብ የሚመታው ማነው?»

«የቤቱ ልጅ ነው፣ አስገቡት፣ አስገቡት።»

ከተቀባዮቹ ሁሉ ፊት የሚሄደው የታንት ኡራሊ ድምፅ ነበር። ሌላው ሰው እሳቸውን ተከትሎ ነው የሚገባው።

ከዚያ ሬዲዮ በየቤቱ ገባ፣ ከዚያ ቴሌቪዥን፣ ከዚያ አውራ ጎዳናው ላይ ቁማር ቤቱ ተከፈተ። የእኛ ሰው ጁሬን የተወው ከልካይ መጥቶበት አይደለም፤ አፍሮበት ነው። «የችጋራሞች ርግጫ» ይለው ጀመር። ጾሙንም እንዲሁ፤ ዓርብ ዓርብ የተጠበሰ ዓሣ ለመብላት ሲሆን ሁሉም ክርስቲያን ነው፣ ስግደት ላይ ወንበሩ ባዶ ነው። እኔ ሳድግ ጁሬን ያልተዉት ታንት ኡራሊ ብቻ ነበሩ፤ እሳቸውም የሚቀበሉት አውጪ አልነበራቸውም።

በዚህ መሀል ነው ጄሮልድ ፍሪሎ የተነሳው።

ጄሮልድ ሂዩስተን ተወልዶ ሂዩስተን ያደገ ነው። አያቱ ከእኛ ሰፈር ነበሩ። እስከ ሠላሳ ዓመቱ የመኪና ኢንሹራንስ ይሸጥ ነበር፤ በዚህ አልንቀውም፣ ኢንሹራንስ የሰው ሥራ ነው። አንድ ቀን በአንድ ዩኒቨርሲቲ ዕቃ ቤት ውስጥ ያ ሳጥን የተሸከመ ሰውዬ የቀዳውን የኖንክ ኦዜሜን ድምፅ አገኘ። ቅጂው ላይ ኖንክ ኦዜሜ ብቻቸውን ናቸው። «ከደጅ የቆመው ማነው?» ይላሉ፣ ከዚያ ዝም ይላሉ። ይጠብቃሉ። ከዚያ «ዝናብ የሚመታው ማነው?» ይላሉ፣ ደግሞ ዝም። ተቀባዮች እንዳልተጠሩ ኖንክ ኦዜሜ ያውቃሉ፤ ግን ዕድሜ ልካቸውን የተቀባይን ቦታ ሲተዉ የኖሩ ሰው ናቸው፣ ዘለው ማለፍ አልሆነላቸውም።

ጄሮልድ ይህን ዝምታ ሰማና አለቀሰ። ማልቀሱን እኔ አይደለሁም የምለው፤ ራሱ በየመድረኩ ሲያወራው ነው የሰማሁት። «ይህ የቀደምቶቻችን ዝምታ ነው፣ ሊናገሩት ያልቻሉት ሁሉ እዚህ ውስጥ አለ» አለ። ዝምታውን በሰዓት ለክቶ አጠናው። ኢንሹራንሱን ጣለ፤ በሸካራ የጥጥ ጨርቅ ሱሪ አሰፋ፣ የሱሪ ማንገቻ ገዛ፣ ከሱቅ ሲወጣ ጀምሮ የተቀደደ የሣር ባርኔጣ ገዛ። አያቶቻችን እንደዚያ ለብሰው ፎቶ ሊነሱ ቀርቶ ጉድጓድ አይቆፍሩም ነበር። ፖስተሩ ላይ ስሙን «ኖንክ ፍሪሎ» ብሎ አስጻፈ። እኛ ዘንድ ኖንክነትን ሰው ለራሱ አይሰጥም፤ ሲሸብት ሌሎች ይሰጡታል። ያም አልበቃው ብሎ ጁሬው ላይ አኮርዲዮን ጨመረበት። ጾም ገብቶ አኮርዲዮን ቁምሳጥን ላይ ሲወጣ የተወለደውን ነገር፣ አኮርዲዮን ደረቱ ላይ አንጠልጥሎ ዘፈነው።

ዓለም ወደደለት። የመጀመሪያው ዲስክ «ዝምታው» ይባላል። ከኒው ኦርሊየንስ እስከ ፓሪስ ዞረ። አንድ ጋዜጣ «በአሜሪካ ምድር እንደ ፍሪሎ ዝም የሚል ሙዚቀኛ የለም» ብሎ ጻፈ። ቅጂው ላይ፣ ሁለተኛው ዝምታ ውስጥ፣ ከሩቅ አንዲት ቅጭል የምትል ድምፅ አለች። ጄሮልድ ለእሷ ብቻ ሰው ቀጠረ። ያ ሰው በነጭ ጓንት የብር ደወል ይዞ መድረክ ዳር ይቆማል፣ አንዴ ይመታል፣ ጎንበስ ብሎ እጅ ይነሳል፤ ለዚህ ከከተማ ከተማ በአውሮፕላን ይዞራል። አዳራሹ ሙሉ ሰው ዓይኑን ጨፍኖ ይተነፍሳል።

ባለ ሥጋ ቤቱ ዊልፍሬድ ሌሜል ዲስኩን ከገዙት የመጀመሪያው ነው። ዊልፍሬድ አንድ ጉንጩ ሁልጊዜ የሚያኝክ፣ በልጅነቱ ከክቡ ውስጥ ቆሞ ሲያጨበጭብ የማውቀው ሰው ነው። ዲስኩን የገዛው ለመሳቅ ነው። ቅዳሜ ጠዋት፣ ሰው በሩዝ የተሞላ ቋሊማ ለመግዛት ሲሰለፍ፣ ይከፍተዋል።

«ከደጅ የቆመው ማነው?» ይላል ጄሮልድ ከማጫወቻው። ዝምታው ይመጣል። ዊልፍሬድ ቢላዋውን አቁሞ፣

«ፖስተኛው ነው» ይላል።

«ዝናብ የሚመታው ማነው?»

«የመብራት ሒሳብ ሰብሳቢው ነው፣ እንዳትከፍቱለት» ይላል አንዱ ከሰልፉ።

ደወሉ ቅጭል ሲል ሌላው፣ «አማትህ ናት ዊልፍሬድ፣ ጥርሷ ነው የወደቀው፣ በጓሮ ውጣ።»

ይስቃሉ። ከሃምሳ ዓመት በላይ የሆነው ሁሉ እዚያ ዝምታ ውስጥ ምን መግባት እንዳለበት ያውቃል። አንድም ሰው ለጄሮልድ አልነገረውም። ጄሮልድ ራሱ ብቅ ሲል ደግሞ ዊልፍሬድ እጁን በሽርጡ ጠርጎ ያቅፈዋል። «ኖንክ፣ ስማችንን አስጠራኸው እኮ» ይለዋል፤ ቋሊማውን በነፃ ይጠቀልልለታል፤ አብረው የተነሱት ፎቶ ከሚዛኑ በላይ ተሰቅሏል። በሩ ሲዘጋ ዲስኩ ተመልሶ ይገባል። ጄሮልድን አንድ ጊዜ ነው የምንቀው። የእኛን ሰው ሁለት ጊዜ።

ታንት ኡራሊን እሑድ እሑድ ቅዳሴ የማደርሳቸው እኔ ነኝ። አንድ ቀን መኪና ውስጥ፣ «ያን ሰዎች የሚስቁበትን ነገር አሰማኝ» አሉኝ። ከፈትኩላቸው። መቁጠሪያቸውን ጣታቸው ላይ እንደጠቀለሉ እስከ መጨረሻው ሰሙት። ሲያልቅ የመኪናውን መስኮት ከፍ ዝቅ አደረጉ።

«ይህን በየከተማው ነው የሚዘፍነው?»

«በየከተማው ነው፣ ታንት።»

«እንግዲያ ወንድሜን በየከተማው ደጅ ያቆመዋል።» ቤተ ክርስቲያን ደርሰን ስንወርድ፣ «የመጨረሻዋ ጁሬው ነበረች እኮ» አሉ። «ከዚያ ወዲያ አላወጣም። ሳልቀበለው ሞተ። እኔ ሳልሞት ቢገባልኝ ደስ ይለኛል።»

ጄሮልድ ወደ ቤታቸው የመጣው በጾሙ ሦስተኛ ሳምንት ነው። እኔ የበረንዳውን ደረጃ ጣውላ እየቀየርኩላቸው ነበር። ባርኔጣውን አውልቆ ደረቱ ላይ ለጠፈው።

«ታንት ኡራሊ፣ ከእርስዎ ፊት መቆም ለኔ ትልቅ ክብር ነው።»

«ባርኔጣህን አይጥ በልታብሃለች» አሉት።

«አሮጌ ነው፣ ታንት። እንደ ድሮው እንዲሆን ነው።»

«ድሮም አይጥ ስትበላው ሌላ እንገዛ ነበር። ተቀመጥ።»

ተቀመጠ። ዓርብ በደብራችን አዳራሽ እንደሚዘፍን፣ ፊልም የሚያነሱ ሰዎች ከፈረንሳይ እንደሚመጡ፣ አዲሱ ዲስኩ «ሁለተኛው ዝምታ» እንደሚባል፣ የኦዜሜ እህት በሕይወት መኖራቸውን ሲሰማ እንቅልፍ እንዳጣ ነገራቸው። ፈረንሳይኛው የትምህርት ቤት ፈረንሳይኛ ነው፤ ታንት ኡራሊ በየመሀሉ «ኧ?» እያሉ ያስደግሙታል፣ አንዳንዱን ሆን ብለው ይመስለኛል።

«እና እኔ ምን ላድርግ ነው የምትለው?»

«ምንም አያደርጉም። መድረኩ ላይ ወንበር ይኖራል፣ እዚያ ይቀመጣሉ። እኔ እዘፍናለሁ፣ ካሜራው ፊትዎን ያያል። ፊትዎ ብቻውን ይበቃል።»

«አፌስ?»

«አፍዎ?»

«አፌ ምን ይሥራ ነው የምልህ።»

«ዝም ይበሉ። ዝምታው እኮ ነው ዋናው።»

ታንት ኡራሊ ወደ እኔ አዩ። እኔ ሚስማሬን አየሁ።

«እሱን እችልበታለሁ» አሉ። «አንድ ጊዜ ሠርቼዋለሁ። አንተ ግን ዝም ስትል ምን ትሰማለህ?»

«ቀደምቶቻችንን ነዋ። ሁለተኛው ላይ ደግሞ ደወሏን።»

«የምን ደወል?»

«ቅጂው ላይ ያለችውን። ለሙታን የምትደወል ይመስለኛል። ስለ እሷ ብቻ ረጅም ጽሑፍ አውጥቻለሁ፣ ካነበቡት አመጣልዎታለሁ።»

ታንት ኡራሊ ጉልበታቸውን አዩ።

«ዓርብ እመጣለሁ» አሉ።

መኪናው ከሄደ በኋላ፣ «ለምን አልነገሩትም?» አልኳቸው።

«አሁን ብነግረው ይጽፈዋል። እንዲጽፈው አይደለም የምፈልገው፣ ወንድሜ እንዲገባ ነው።»

ዓርብ ፀሐይ ሳትጠልቅ አዳራሹ ሞላ። የደብሩ ሰው እንደ ልማዱ ዓሣ እየጠበሰ ነው፤ የድንች ሰላጣው በባልዲ ቀርቧል። ስግደቱ ላይ ያልታየ ሁሉ እዚህ አለ። ዊልፍሬድ ከፊት ረድፍ ሁለት ሳህን ይዞ ተቀምጧል። ፊልም አንሺዎቹ ወንበሩ እንዳይንቋቋ ብለው መድረኩ ላይ ወፍራም ምንጣፍ አንጥፈዋል። ታንት ኡራሊ የቅዳሴ ጫማቸውን፣ ተረከዙ ጠንካራውን፣ አድርገው መጡ። ምንጣፉን ረገጥ ረገጥ አድርገው ሞከሩት። ከዚያ ወንበራቸውን እየጎተቱ ከምንጣፉ አወጡና ባዶው ጣውላ ላይ ተቀመጡ። ካሜራ የያዘው ሰው እጁን አወናጨፈ፤ እሳቸው ሰላምታ መስሏቸው እጃቸውን አወናጨፉለት።

ጄሮልድ አኮርዲዮኑን ደረቱ ላይ አንጠልጥሎ ስለ ቀደምቶቻችን ተናገረ። ረጅም ነበር። ዓሣው ቀዘቀዘ። ከዚያ ዓይኑን ጨፈነ።

«ከደጅ የቆመው ማነው?»

ዝምታ። ዊልፍሬድ ጉንጩ ውስጥ ያለውን እንደያዘ ጎረቤቱን በክርኑ ጎሰመው፣ ጎረቤቱ አፉን በእጁ ያዘ። ታንት ኡራሊ አልተንቀሳቀሱም።

«ዝናብ የሚመታው ማነው?»

ባለ ጓንቱ ሰው ደወሉን መታ። ቅጭል። ጎንበስ አለ። ታንት ኡራሊ ወደ ደወሉ ዘወር ብለው ሰውየውን ከእግር እስከ ራሱ አዩት፤ አሁንም ዝም።

«ስሙን የጠራው ማነው?»

ያኔ የተረከዙ ድምፅ መጣ። አንዴ፣ ሁለቴ፣ ጣውላው ላይ።

«የቤቱ ልጅ ነው፣ አስገቡት፣ አስገቡት።»

ድምፃቸው ያምራል አልልም። የዛገ የበር ማጠፊያ ነው፤ ግን በሩ እየተከፈተ ነበር። እጃቸው ተጨበጨበ። ከጠረጴዛዎቹ ሥር፣ የነሱ ሳይሆን የሌላ ሰው ይመስል፣ የአንድ ሁለት ሽማግሌዎች እግር ሲንቀሳቀስ አየሁ። የዊልፍሬድ ማንካ ቆመ።

ጄሮልድ ዓይኑን ገለጠ። እስከዚያ ቀን መድረክ ላይ ዝምታውን የነካበት ሰው አልነበረም። የተሰረቀ ሰው ይመስል ነበር፤ ሌባውን ለመያዝ ያደረገውም አኮርዲዮኑን እስከ ጥግ መዘርጋት ነው። በአሮጊቷ ድምፅ ላይ ነፋው። አስቡት፤ ጾም ነው፣ ዓርብ ነው፣ አንዲት ሴት ስንት ዘመን የያዙትን አንድ መቀበያ ሊያወጡ ነው፣ እሱ አኮርዲዮን ይነፋባቸዋል። እግራቸው ሁለት ጊዜ ተሰማ፣ ከዚያ ጠፋ። ተነሱ፤ ወንበሩን ወደ ምንጣፉ መልሰው በጓዳው በር ወጡ።

አዳራሹ ቆሞ አጨበጨበ። ለጄሮልድ ነው ያጨበጨበው። ፊልም አንሺው ደግሞ፣ «በጣም ጥሩ ነው፤ አንዴ ድገሙልን፣ ያለ ሴትየዋ» አለ።

ጓዳው ውስጥ ታንት ኡራሊ የዓሣው ዘይት አጠገብ ተቀምጠው ነበር። ውሃ ሰጠኋቸው። ጄሮልድ አኮርዲዮኑን ሳያወልቅ ገባ፤ ዊልፍሬድ ነገር ሊሰማ ተከትሎት በሩ ላይ ቆመ።

«ታንት፣ ምን ነካዎት? ዝም ይላሉ ተባብለን አልነበር? ዘፈኑን እኮ ሰበሩት።»

«ራውል» አሉኝ ታንት ኡራሊ፣ «እስቲ ያን ሳህን አቀብለኝ።»

ጥልቅ የሸክላ ሳህን ነው። አቀበልኳቸው። ወደ ብረቱ ማጠቢያ ጠጋ አሉና ጠርዙን አስነክተው አስቀመጡት። ቅጭል።

«ምንድን ነው?» አላቸው ጄሮልድ።

«ደወልህ ነዋ።»

አልገባውም። እንደገና አነሱት፣ እንደገና አስቀመጡት። ቅጭል።

«ያ ሰውዬ ጓዳ ግቢ ሲለኝ ገባሁ። ኦዜሜ ሲያወጣ እሰማው ነበር። የመጀመሪያው ላይ አፌን በመዳፌ ያዝኩት። ሁለተኛው ላይ በእጄ ሳህን ነበር፣ ሳላስበው እጄን ለማጨብጨብ ስዘረጋ ማጠቢያው ላይ ወደቀ። ቀደምቶችህ እኔ ነኝ። ዕቃ እያጠብኩ ነበር።»

ጄሮልድ ባዶውን ሳህን አየ።

«ዝምታውስ?»

«ዝምታ የለም። የኔ ቦታ ነው። እሱ ይጠይቃል፣ እኔ እመልሳለሁ፣ ሰው ይገባል፣ አለቀ። አንተ የወንድሜን ግማሽ ይዘህ ነው የምትዞረው። ማነው ደጅ ያለው እያለ፣ ማንም አስገቡት ሳይለው፣ ፓሪስ ድረስ ወስደህ አቆምከው።»

«ከአሥር ዓመት በላይ ነው የዘፈንኩት…» አለ ጄሮልድ።

ዊልፍሬድ ከበሩ ሳቀ። «አይዞህ ኖንክ፣ ሦስተኛውን ዲስክ 'ዕቃ አጠባው' ትለዋለህ። ባለ ጓንቱም ሥራ አያጣ፣ ሳሙና ያቀብላል።»

«ዊልፍሬድ» አሉ ታንት ኡራሊ።

«አቤት ታንት።»

«ክቡ ውስጥ ከጎኔ ስትቆም ቁመትህ እስከ ወገቤ ነበር። መቀበያውን ታውቀዋለህ?»

«ማን ይረሳዋል።»

«ዛሬ ከፊት ተቀምጠህ ነበር። ስቀበል ሰምተሃል። አፍህ ውስጥ ምን ነበር?»

ዊልፍሬድ ሳህኑን ከጀርባው ደበቀ።

«ዓሣ ነበር» ብለው ራሳቸው መለሱለት። «ይኼ ልጅ ሞኝ ነው። ባርኔጣው የሞኝ ነው፣ ንግግሩ የሞኝ ነው። ግን ወንድሜን ቁጭ ብሎ እስከ መጨረሻው የሰማው እሱ ብቻ ነው። እናንተ እያወቃችሁ አሾፋችሁ። ደጅ ላይ የቆመውን ሰው ያላወቀና እያወቀ በሩን የዘጋ እኩል አይደሉም። አሁን ውጣ፤ ወይም ግባ።»

ዊልፍሬድ አልወጣም፣ አልገባምም። ጣራ ጣራውን ያይ ነበር።

ጄሮልድ ባልተከፈተ የዘይት ጣሳ ላይ ተቀመጠ። «አሁን እወጣና እኔ አወጣለሁ፣ እርስዎ ይቀበሉኛል። አኮርዲዮን አልነፋም። እንደሱ ብናደርግስ?»

«አይሆንም።»

«ለምን?»

«አውጪ የሚሆነው ሲቀበል የኖረ ነው። አንተ አንድም ቀን ተቀብለህ አታውቅም። በወንድሜ ቦታ እኔ አወጣለሁ፣ አንተ ትቀበላለህ። ባዶው ወለል ላይ፣ ከኋላ፣ ከሰው ጋር። እስከ ፋሲካ ዓርብ ዓርብ። ያቺን ጁሬ ደግሞ ብቻህን የትም አትዘፍናትም።»

«ፊልሙስ?»

«ውጭ ዓሣ ይብላ።»

«ታንት፣ ዲስኩ ታትሟል። 'ሁለተኛው ዝምታ' ነው ስሙ። ሰው የሚመጣው ለዝምታው ነው። እሱን ካነሳሁት እኔ… መኪና ኢንሹራንስ ሻጭ ነኝ።»

«ምን ችግር አለው?» አሉ። ምፀት አልነበረበትም፤ በእውነት ነበር የጠየቁት።

ከአዳራሹ፣ «ኖንክ ፍሪሎ፣ ብርሃኑ ሊጠፋብን ነው» የሚል ድምፅ ተጣራ። ጄሮልድ ወደ በሩ አየ። ሊሄድ ነው ብዬ ነበር፤ እንዲህ ያለ ሰው ሲጠሩት ይሄዳል፣ አሁንም ስለሱ ያለኝ ግምት ከዚህ ብዙ አይርቅም። ባርኔጣውን አውልቆ ቀዳዳውን በጣቱ ነካካው።

«ሦስተኛው ላይ» አለ ቀስ ብሎ፣ «ሲቀበሉ… እዚህ ጋ ነበር የሚጎድለኝ። ሁልጊዜ እዚያች ቦታ ላይ አንድ ነገር እንደረሳሁ ይሰማኝ ነበር። ዝምታው ነው እያልኩ ነበር።»

ታንት ኡራሊ ዕቃ መጥረጊያውን ጨርቅ ከመስቀያው አንስተው ዘረጉለት። ለምን እንደሆነ አልገባውም፤ እኔም ዊልፍሬድም ግን ገብቶናል፣ ዊልፍሬድ ባርኔጣ ባይኖረውም ሊያወልቅ ይመስል እጁን ወደ ራሱ ሰደደ። ጄሮልድ ጨርቁን አየ፣ አኮርዲዮኑን አየ። የአኮርዲዮኑን ማንገቻ ከትከሻው አወለቀ። ጨርቁ አንሶ አንድ ጎኑ ባዶ ቀረ፤ የዓሣ ሽታ ያለው ነው፤ ጠቀለለውና ማቀዝቀዣው ላይ አወጣው። ከዚያ እጁ ባዶ ሆኖ ቆመ። ምን እንደሚያደርግበት የማያውቅ ሰው እጅ ነበር።

ታንት ኡራሊ ተነስተው ከጓዳው በር ውጭ ወጡና ጀርባቸውን ሰጥተውን ቆሙ። አውጪው ከክቡ ውጭ ነው የሚጀምረው።

«ማን ይቀበላል?» አሉ።

«እኔ» አልኩ።

ዊልፍሬድ ሳህኑን ማጠቢያው ላይ አስቀመጠ። ቅጭል። «እሺ፣ እኔም» አለ፣ አፉን እየጠረገ።

ጄሮልድ መጨረሻ ነው የተናገረው። «እሺ ታንት» አለ። «እቀበላለሁ። እስከ ፋሲካ፣ ከኋላ። ብቻዬንም አልዘፍናትም።»